እህትሽ ለምዳለች

ብርዱ በጀመረ ሰሞን ነው። ለንደን፣ ኬንቲሽ ታውን ከሚገኝ መድኃኒት ቤት ወጥቼ አውቶቡስ ስጠብቅ፣ የሚገፋ መራመጃ ከፊቷ አቁማ የተቀመጠች አንዲት ነጭ አሮጊት አፍጥጣ ታየኝ ጀመር። እዚህ አገር ሰው ሰውን እንዲህ አያይም፤ ዓይን ለዓይን ከተጋጩም ቶሎ ይቅርታ ብሎ ዞር ማለት ነው ልማዱ። እኔም ፊቴን ወደ መንገዱ መለስኩ። ትንሽ ቆየችና «ሲሲ?» አለች።

በዚህ ስም የሚጠራኝ ሰው በሕይወት ይኖራል ብዬ አስቤ አላውቅም። ስሜ ጽጌ ነው። ሲሲ የተባልኩት በልጅነቴ፣ ከካሌዶኒያን ሮድ ወደ ውስጥ ገባ ብሎ በሚገኝ አንድ ትልቅ ቀይ የጡብ ቤት ውስጥ ነው፤ ካውንስሉ፣ ማለትም የአካባቢው አስተዳደር፣ ወላጅ ያጡ፣ ወይም ወላጆቻቸው ማሳደግ አይችሉም የተባሉ ልጆችን የሚያኖርበት ቤት። ስሙን ያወጣችልኝም ይህችው ሴት ናት። ከታናሽ እህቴ ጋር ገና በገባን ዕለት ስሜን ብነግራት አንድ ጊዜ ሞከረችው፣ አልሆነላትም፣ ሁለተኛ ሳትሞክረው ሲሲ አለችኝና አበቃ። አንቲ ጆይስ። አክስታችን ሳትሆን አክስት ብላችሁ ጥሩኝ ያለችን ሴት። ፀጉሯ ነጥቷል፣ ጉንጮቿ ወርደዋል፤ ድምጿ ግን ያው ነው፣ ከላይ ማር የተቀባ ድምፅ።

«እኔ እኮ አንድም ልጅ አልረሳም፤» አለች ደስ ብሏት፤ «ከእኔ ልጆች አንዷ ነሽ!»

«እኔ የእናቴ ልጅ ነኝ፤» አልኳት።

አልሰማችኝም፣ ወይም እንዳልሰማ ሆነች። «ትንሿስ? ሜሪ እንዴት ናት? እሷማ የዓይኔ ብርሃን ነበረች። ጥሩ መነሻ ሰጠናት፣ አይደል?»

«ስሟ ምሕረት ነው።»

«አዎ፣ አዎ፣ እንዲህ ያለ ነገር ነበር።» ጓንት ያጠለቀች እጇን ዘረጋችልኝ። «በነበረን አቅም የቻልነውን ሁሉ አድርገናል፣ ሲሲ። ጥሩ ጊዜ ነበር፤ ጥሩ ጊዜ አልነበረም እንዴ?»

እጇ አየር ላይ ቀረ። አልያዝኩላትም። ያን ጊዜ አንድ አውቶቡስ መጣ፤ የእኔ አልነበረም፣ ግን ዘልዬ ገባሁበት። ሰው ይፍረድብኝ።

የአውቶቡሱ ፎቅ ላይ ወጥቼ ተቀመጥኩ። አውቶቡሱ ቀስ እያለ ያለፈው ደግሞ ወዴት መሰላችሁ? አባቴና እናቴ መጀመሪያ በተከራዩት ክፍል ፊት ለፊት ነው። ዛሬ ታችኛው ክፍል ውሻ የሚታጠብበት ሱቅ ሆኗል፤ ውሾች በፎጣ ተጠቅልለው በመስኮቱ ይታያሉ። በእኛ ጊዜ የጫማ አዳሽ ሱቅ ነበር፤ የሙጫው ሽታ በደረጃው እስከ ክፍላችን ድረስ ይወጣል። ክፍሉ ውስጥ ሳንቲም የሚበላ የጋዝ ማሞቂያ ነበረን፤ ሳንቲሙን ሲውጥ ቧ ብሎ ይነሳና እናቴ እግራችንን ወደ እሱ አዙራ ታስቀምጠናለች። አባቴ ኮሌጅ የሚሄድበት፣ ኮሌታው ትከሻውን የሚያክል ካፖርት ነበረው። እናቴ ተረከዙ የጡብ ያህል የሚወፍር ጫማ ገዝታ መራመድ አቅቷት በሳቅ ስትንከባለል ትዝ ይለኛል። ቅዳሜ ቅዳሜ ለልጅ ሁለት ፔኒ እየከፈልን በአውቶቡስ ዝም ብለን ከተማውን እንዞራለን፤ ስንመለስ በጋዜጣ የተጠቀለለ ቺፕስ ይገዛልናል፤ ኮምጣጤው የጋዜጣውን ቀለም አጥቦ ጣታችንን ያጠቁረዋል። የቤቱ ባለቤት አይሪሽ ሽማግሌ ነበር፤ ደረጃውን ሲወጣ ያፏጫል፣ አባቴም ያንኑ ዜማ ተቀብሎ ከውስጥ ያፏጭለታል። ያ ዘመን እንደ ሰው ይናፍቀኛል። ያለቀውም እንደ ሰው ነው፣ በድንገት።

አገር ቤት አብዮቱ ፈንድቶ ነገሩ ሲለዋወጥ፣ አያቴ ታመመ ተብሎ አባቴ ሄደ። በወሩ እመለሳለሁ አለ፤ አልተመለሰም። የት እንደደረሰ የሚያውቅ ሰው አልተገኘም። እናቴ መስኮቱ ሥር መቀመጥ ጀመረች። መብላት ተወች፣ ማሞቂያውንም መለኮስ ተወች። ያልተወችው የምሕረትን ፀጉር መሥራት ብቻ ነበር፤ ሹሩባ ሠርታ ትጨርሰውና ትፈታዋለች፣ ፈትታ ደግሞ ከመጀመሪያው ትጀምራለች፤ ቀኑን ሙሉ። ምሕረት ገና ትምህርት ቤት ያልገባች ሕፃን ነበረች፤ አንገቷን አቀርቅራ ዝም ብላ ትቀመጥላታለች። እኔ አሥር ዓመት ሊሞላኝ ጥቂት ቀርቶኛል። በመጨረሻ የቤቱ ባለቤት፣ ሽማግሌው፣ ሐኪም ጠራ። ለእናቴ አምቡላንስ መጣ፣ ለእኛ ሌላ መኪና። እናቴ የት እንደምትወሰድ የነገረን የለም። እኛም የት እንደምንወሰድ ለእሷ የነገራት የለም።

አንቲ ጆይስ በመጀመሪያው ቀን ያደረገችው የምሕረትን ፀጉር መቁረጥ ነው። «ይህን ማን ያበጥረዋል?» አለችና መቀስ አመጣች። የእናቴ የመጨረሻው ሹሩባ ወጥ ቤቱ ወለል ላይ ወደቀ፤ እሷው በመጥረጊያ ሰብስባ ከድንች ልጣጩ ጋር ጣለችው። ልብሳችን ከጋራ ቁም ሳጥን ውስጥ የሚታደል ነበር፤ ዛሬ አንቺ ያደረግሽውን ካልሲ ነገ ሌላ ልጅ ያደርገዋል። ከሁሉ የባሰው ግን የአፋችን ነገር ነው። ገበታ ላይ ለምሕረት በአማርኛ «ብይ» ብላት፣ አንቲ ጆይስ ማንኪያዋን አስቀምጣ «እዚህ ቤት ሹክሹክታ የለም፤ ሁሉም የሚሰማውን ቋንቋ ነው የምንናገረው» አለችኝ። ሁለተኛ ስደግመው ምሕረትን ከአጠገቤ አንስታ ሌላ ጠረጴዛ ላይ አስቀመጠቻት። እህቴ ከዚያ በኋላ ስናገራት ትደነግጥ ጀመር፤ አማርኛ የሚያስቀጣ ነገር መሆኑን ከማንኛችንም ቀድማ ገባት።

በየጥቂት ወሩ በፊት ለፊቱ ክፍል ስለ እኛ ስብሰባ ይደረጋል። ቡናማ ኮርዶሮይ ኮት የሚለብስ ሶሻል ወርከር፣ ጉዳያችንን የያዘ የካውንስሉ ሠራተኛ፣ ነበረን፤ እሱ ይመጣል፣ ሌሎችም ይመጣሉ፣ ብስኩት በሳህን ይገባል፣ በሩ ይዘጋል። እኔና ምሕረት ኮሪደሩ ላይ አግዳሚ ወንበር ላይ እንጠብቃለን። አንድ ቀን በሩን አንኳኩቼ «እኔም ልግባ?» አልኩት። ሰውዬው ክፉ ፊት እንኳ አላሳየኝም፤ ፈገግ ብሎ «ስብሰባው ስለ አንቺ ነው እንጂ ከአንቺ ጋር አይደለም፣ ውዴ» አለኝ። ቢቆጣኝ ይሻል ነበር።

የክርስትና ልጄ ሶልያና እዚሁ ለንደን ተወልዳ ያደገች ናት፤ ሶሻል ወርክ ትማራለች። የአውቶቡስ ጣቢያውን ነገር ያጫወትኩት ለእሷ ነበር። «እትዬ ጽጌ፣ አሁን እኮ እንደዚያ አይደለም፤» አለችኝ፤ «እመኑኝ፣ ቶታሊ ተለውጧል። ልጁ ራሱ ስብሰባው ላይ ይገባል። አድቮኬት፣ የሚናገርለት ሰው ማለት ነው፣ ሪክዌስት ማድረግ ይችላል። ፍላጎቱ መሰማት አለበት፣ ሎው ነው፣ ሕግ። ወንድምና እህትም አንድ ላይ መቀመጥ አለባቸው።»

«ሁልጊዜ?»

«ያው… በተቻለ መጠን።»

«በተቻለ መጠን!» አልኳት። «እህቴን ያወጧት በዚያች ቀዳዳ ነው። መብት ማለት ሳይመች ሲቀርም የማይነሣ ነገር ነው፤ ሲመች ብቻ የሚሰጥ ከሆነ ችሮታ ነው የሚባለው።»

ልጅቷ ደንግጣ «ይቅርታ፣ እርስዎን ለማስቀየም አይደለም» አለች። እሷን አልነበረም የተቆጣሁት። ግን አልለዘብኩላትም፤ ነገ አንድ በር ዘግታ ብስኩት የምትበላው እሷ ትሆናለችና አሁኑኑ ትስማው።

ምሕረትን የወሰዷት ትምህርት ቤት በነበርኩበት ቀን ነው። ስመለስ አልጋዋ ተገፎ ፍራሹ ብቻ ቀርቷል። ወጥ ቤት ሮጥኩ። አንቲ ጆይስ ሊጥ እየዳመጠች ነበር። «ለእረፍት ሄደች፤» አለችኝ ቀና ሳትል፤ «ባሕር ዳርቻ ላይ የሚኖሩ ደግ ሰዎች ዘንድ። አሸዋ፣ አይስክሬም፣ አስቢው!» መቼ ትመለሳለች ብዬ ጠየቅኩ፤ በቅርቡ አለችኝ። በየሳምንቱ ጠየቅኩ። እረፍቱ አልፎ ትምህርት ተከፈተ፤ ቅጠል ረገፈ። አንድ ቀን ያ «በቅርቡ» ተለወጠና «እህትሽ ለምዳለች» ሆነ። ለምዳለች! ከብት ነው እንዴ ጋጣ የሚለምደው? ሕፃን ልጅ ያስለመዷትን ትለምዳለች። ጨለማ ክፍል ብታስቀምጧትም ትለምዳለች። ደብዳቤ ልጻፍላት ብል ግራ ይገባታል ተባልኩ፤ በስልክ ላናግራት ብል ደግሞ ትረበሻለች ተባልኩ።

እናቴ ዳነች። ይህን ማንም አልጠበቀም፤ ስለ እኛ ሲወስኑ የእናቴን መዳን ያሰበ አልነበረም። ከሆስፒታል ወጥታ ብሪክስተን ውስጥ አንዲት ጠባብ የካውንስል ቤት አገኘች። ገበያው ጥግ ላይ ነበር፤ ከታች የሸክላ ሱቁ ሬጌውን ሲለቀው የመስኮታችን መስታወት ይንቀጠቀጣል፣ ጠዋት ጠዋት የዓሣና የበሰለ የፕላንቴን ሙዝ ሽታ ይገባል። ሆቴል አንሶላ የማንጠፍ ሥራ ያዘች። ከዚያ ግራጫ ካፖርቷን ለብሳ፣ ፀጉሯን አጥብቃ አስራ፣ ልጆቼን ስጡኝ ብላ መጣች።

አስተርጓሚ አልነበረም። ስለዚህ እኔን አስገቡኝ። ስንት ጊዜ የተከለከልኩት በር በመጨረሻ የተከፈተልኝ ሊጠቀሙብኝ ሲፈልጉ ነው። እናቴ በአንድ ወገን፣ ባለ ኮርዶሮይ ኮቱ ሰውዬና አንቲ ጆይስ በሌላ ወገን፣ እኔ መሀል። ሰውዬው ለዘብ ብሎ እንዲህ አለኝ፦ «ለእናትሽ ንገሪልኝ። አንቺን ቀስ በቀስ ልንመልስላት እንችላለን። ሜሪ ግን አዲሱን ቤተሰቧን ለምዳለች። ከዚያ ማንሳት ልጅቷን ይጎዳታል፤ እዚያው ብታድግ ይሻላል ብለናል።»

እናቴ ፊቴን ታነብ ነበር። «ምን አለ? ጽጌ፣ ምን አለሽ?»

«አልነግራትም፤» አልኩት።

«ምን?»

«አልነግራትም። አንተ ወስነሃል፣ አንተ ንገራት። በአማርኛ ንገራት።»

አንቲ ጆይስ «ሲሲ! ሥርዓት!» አለች። እናቴ ደግሞ እጄን ይዛ «የኔ ልጅ፣ ምን አሉ?» ትላለች። ያ ቃል ከእኔ አፍ ወጥቶ እናቴ ጆሮ ውስጥ እንዲገባ አልፈለግኩም። ዛሬም ቢሆን ልክ ነበርኩ እላለሁ። ስብሰባውን በትነው እናቴን ምንም ሳትሰማ ወደ ብሪክስተን መለሷት።

በሚቀጥለው ጊዜ ከእኛው ሰው መካከል አስተርጓሚ ተገኘላቸው፤ ጋሽ መኮንን። የተማረ፣ ከረባት የማይለየው፣ የአበሻው ማኅበር አፈ ጉባኤ። እኔ ያልነገርኳትን ነገራት፣ የራሱንም ጨመረበት፦ «እግዚአብሔርን አመስግኚ እንጂ፣ ዘነበች። ልጅቷ ቅቤ እየበላች ነው። ነጮች ቤት አድጋ ዶክተር ሆና ትመጣልሻለች። አንቺስ በዚህ ጤናሽ ምን ልታደርጊያት ነው?»

አጠገቧ ተቀምጬ አያታለሁ፤ እናቴ አላለቀሰችም። ሆስፒታል ውስጥ አንድ ነገር ተምራለች፤ ካለቀሰች «ገና አልዳነችም» ይላሉ። ቀጥ ብላ ተቀምጣ ሰውዬውን እያየች «ታምሜ ነው እንጂ ሞቼ አይደለም» አለች።

ጋሽ መኮንን ጉሮሮውን ጠረገና በሚያምር እንግሊዝኛ «ለድካማችሁ ታመሰግናለች፤ ጊዜ ስጡኝ ነው የምትለው» አላቸው።

«አላለችም!» ብዬ ተነሣሁ። «የምትለው፣ ታምሜ ነው እንጂ ሞቼ አይደለም ነው!»

ሰውዬው ብዕሩን አስቀመጠ። አንቲ ጆይስ ጣሪያውን አየች። እናቴ እንግሊዝኛ ባትሰማም ቃሏ እንደደረሰ ገባት፤ ራሷን አንድ ጊዜ ነቀነቀች። ውሳኔው ግን አልተለወጠም። ጋሽ መኮንን ከዚያ በኋላ ስንት ዓመት ኖረ መሰላችሁ፤ በቅርቡ እንኳ ማኅበሩ «የስደተኛው አባት» ብሎ ሸልሞት አዳራሹ ሁሉ ቆሞ አጨበጨበለት። እኔ እጄን ኪሴ ውስጥ ከትቼ ተቀመጥኩ። አጠገቤ የነበሩት ሴትዮ «ምነው ጽጌ፣ አይዞሽ፣ እግርሽን ነው?» አሉኝ። «አይ፣ እትዬ፤ እጄን ነው» አልኳቸው።

እኔን መለሱኝ። ምሕረትን ማየት የተፈቀደልን በካውንስሉ ቢሮ፣ የተሰባበሩ መጫወቻዎች ባሉበት ክፍል ውስጥ ነው። ነጭ ካልሲ አድርጋ፣ ፀጉሯ በሪባን ተይዞ ከአሳዳጊዋ ቀሚስ ኋላ ተደብቃ ገባች። እናቴ ወለሉ ላይ ተንበርክካ «ምሕረትዬ፣ ነይ እናቴ፣ ነይ» አለቻት። ልጅቷ ወደ አሳዳጊዋ ቀና ብላ በእንግሊዝኛ «ምንድን ነው የምትለው?» ብላ ጠየቀች። አሳዳጊዋ ክፉ ሴት አልነበረችም፤ ዓይኗ እንባ ሞላ። እኔ ግን ለእሷ እንባ የሚሆን ቦታ አልነበረኝም። ጥግ ላይ የተቀመጠች ሌላ ሶሻል ወርከር የምትጽፈው ልጅቷ እናቷን አለማወቋን ነበር። ቋንቋዋን ማን እንደነጠቃት የጻፈ የለም።

ስትጎለምስ ምሕረት ራሷ ፈልጋን መጣች፣ ሜሪ ሆና። እናቴ በሕይወት እያለች በየዓመቱ ብቅ ትል ነበር፤ ሁለቱ ብሪክስተን ሶፋው ላይ ጎን ለጎን ተቀምጠው፣ አንዷ የሌላዋን እጅ እየዳሰሰች፣ ቃል ሳይኖራቸው ቴሌቪዥን ያያሉ። እናቴን ስንቀብር ካህኑ የሚለው ሳይገባት ከእኔ ጋር እኩል ቆመች። ዛሬም በዚያው ባሕር ዳርቻ ከተማ ትኖራለች፤ የልጅ ልጅ አይታለች። ጥሩ ሴት ናት። ስልክ እንደዋወላለን፣ በእንግሊዝኛ፣ ስለ አየሩና ስለ ጉልበታችን።

አንቲ ጆይስን ካየሁ ከጥቂት ቀን በኋላ ለምሕረት ደወልኩላት። እንደ እኔው ትቆጣለች ብዬ ነበር።

«አንቲ ጆይስ? በሕይወት አለች?» ድምጿ በደስታ ከፍ አለ። «ጽጌ፣ አድራሻዋን ለምን አልጠየቅሽልኝም! እሷን እኮ ሳላመሰግናት ልሞት ነው እያልኩ ነበር።»

«ስለ ምኑ ነው የምታመሰግኛት?» አልኩ፤ ድምፄ ደረቅ ነበር።

«ስለዚያ ቤት ብዙ አላስታውስም። የማስታውሰው አንድ ነገር ነው። አልጋዬን አረጥብ ነበር፤ ማታ ሁሉም ተኝቶ እያለ ትመጣለች። ምንም ሳትናገረኝ ታነሣኝና ደረቅ አንሶላ ታነጥፍልኛለች፤ እንቅልፍ እስኪወስደኝ ጀርባዬን ታሻሸኛለች። አንድ ቀን እንኳ ተቆጥታኝ አታውቅም። ፊቷን አላስታውስም፣ እጇን ግን አስታውሳለሁ። የራሴን ልጆች ሳሳድግ ሁልጊዜ ያቺን እጅ ነበር የማስበው።»

በዚያ ቤት ጠዋት አንሶላዋ ረጥቦ የተገኘች ልጅ አንሶላዋን ታቅፋ፣ ቁርሱ እስኪያልቅ ከግድግዳው ተጠግታ ትቆማለች፤ ሕጉን ያወጣችው አንቲ ጆይስ ናት። የእኔ አልጋ ከምሕረት ቀጥሎ ነበር። የእኔን ደረቅ አንሶላ ገፍፌ ለእሷ አነጥፍላታለሁ፤ የእሷን እርጥቡን እኔ እተኛበታለሁ። ጠዋት የምቆመው እኔ ነበርኩ። ትልቅ ልጅ አልጋ ላይ ትሸናለች እየተባለ።

ዝም ልል ነበር፤ ይህችን አንዲት ሙቀት ለምን እወስድባታለሁ ብዬ። ግን ስሟን ወሰዱባት፣ ቋንቋዋን ወሰዱባት፣ እናቷን ወሰዱባት፤ ታሪኳን እንኳ ትወቅ።

«ምሕረት፤» አልኳት፤ «እሷ አይደለችም። እኔ ነኝ።»

ነገርኳት። ግድግዳውንም ነገርኳት።

«አንቺ?» አለች። «አንቺም እኮ ልጅ ነበርሽ።»

ይህን ከዚያን ጊዜ ጀምሮ አንድም ሰው ብሎኝ አያውቅም ነበር። ይህን ሊሉኝ ደመወዝ ይከፈላቸው የነበሩት ደግሞ ስንት ነበሩ።